ሊቀመንበሩ የሰከረበት ገጽ

ቦንጋ ስገባ ሃያ ሦስት ዓመቴ ነበር። ቴአትር ተምሬ ከተመረቅሁ በኋላ ስምንት ወር ሙሉ እናቴ ቤት ሥራ ፈትቼ ተቀምጫለሁ። አንድ ቀን ማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ "የድምፅና ምስል ባለሙያ" የሚል ክፍት የሥራ ቦታ አየሁ። ቦታው ከፋ ዞን፣ ቦንጋ ይላል። ከእኔ በቀር ያመለከተ አልነበረም።

እናቴ፣ "ከጅማ ወዲህ ነው ወዲያ?" አለችኝ።

"ወዲያ።"

ሌላ ነገር ሳትጠይቀኝ ሻንጣዬን ማዘጋጀት ጀመረች። "ሁለት ዓመት ብቻ ነው እማ፤ ልምድ ይዤ እመለሳለሁ" አልኳት። ወፍራም ብርድ ልብስ አጥፋ ከታች ስትከትት አየኋትና ሳቅሁባት።

የተመደብኩበት መሥሪያ ቤት ኮረብታው ወገብ ላይ የተሠራ፣ ዝናብ ሲመታው ሰው ከሰው የማያነጋግር የቆርቆሮ ቤት ነበር። ንብረታችን አንድ የቪዲዮ ካሜራ፣ አንድ ቴሌቪዥንና ካሴት የሚቆለፍበት አንድ የብረት ቁም ሳጥን ነው። ካሜራውን የሚይዙት ከእኔ በሃያ ስምንት ዓመት የሚበልጡ፣ ከደርግ ጊዜ ጀምሮ እዚያው የሠሩ የአገሩ ሰው ነበሩ። ሁላችንም ጋሼ እንላቸዋለን። በመጀመሪያው ቀን ቁም ሳጥኑን ከፍተው ካሴቶቹን እያሳዩኝ፣ "ልጄ፣ እዚህ አገር ካሴትም ሰውም ይሻግታል። ካሴቱን ፀሐይ ብቅ ባለች ቁጥር አውጥተሽ አናፍሺው" አሉኝ።

"ሰውስ?"

"ሰው ራሱን ያናፍስ እንግዲህ።"

ነገሩ ቀልድ መስሎኝ ነበር። በወሩ ከአልጋዬ ሥር ያስቀመጥኩት የቆዳ ጫማ አረንጓዴ ፀጉር አብቅሎ አገኘሁት።

የምንሠራው ፊልም ዓይነቱ አንድ ነበር። ድልድይ ሲመረቅ፣ ሞዴል አርሶ አደር ሲሸለም፣ ባዛር ሲከፈት ሄደን እንቀርጻለን። ሁሉም በለምለም ጫካ ይጀምርና ሪባን በሚቆርጥ መቀስ ያልቃል። ከዚህ ሌላ የትምህርት ቤት ሚኒ ሚዲያዎች፣ የወጣት ክበባትና በግላቸው የሚጽፉ ሰዎች የሚያዘጋጁት ድራማ ሁሉ መድረክ ላይ ከመውጣቱ በፊት ለእኛ ይቀርባል። ድርሰቱን አንብቦ "ይታይ"፣ "ይታረም" ወይም "አይቻልም" የሚለው ባለሙያ ነው፤ ባለሙያዋ ደግሞ እኔ ነበርኩ። በሦስት ዓመት ውስጥ የክፍሉ ኃላፊ አደረጉኝ። በዚያ ዞን ምን እንደሚቀረጽ፣ ምን እንደሚታይ የሚወስን አንድ ጠረጴዛ ቢኖር የእኔ ነው።

ከእኔ በላይ የመሥሪያ ቤቱ ኃላፊ አሉ። ክፉ ሰው ነበሩ ብዬ አላወራም። ፈሪ ነበሩ። ስልክ ሲጮህ ከማንሳታቸው በፊት ክራቫታቸውን ያስተካክሉ ነበር። ድርሰት ሲያነቡ ከንፈራቸው ይንቀሳቀሳል፤ አንድ ቦታ ላይ ሲደርሱ ይቆማል፤ እዚያ ላይ በቀይ ያሰምራሉ። እኔ ከንፈራቸውን እያየሁ የሚፈሩትን ነገር ሁሉ ተማርኩ። ከዓመት በኋላ እርሳቸው የሚያሰምሩበትን እኔ ቀድሜ አሰምርበት ጀመር። ከዚያ ማንበቡንም ተዉት። "አንቺ ካየሽው ይበቃል" ይሉኝና ይፈርማሉ።

ሁለቱ ዓመት ሲሞላ የዝውውር ማመልከቻ አስገባሁ። "ተተኪ ባለሙያ እስኪገኝ ድረስ" የሚል መልስ መጣ። በሚቀጥለው ዓመትም ያው፣ ከዚያ በኋላም ያው። እጮኛ ነበረኝ። መጀመሪያ በየሳምንቱ ቴሌ ሄጄ ተሰልፌ አነጋግረው ነበር። ኋላ በየወሩ ሆነ። አንድ ጊዜ ቴሌ ሣጥን ውስጥ ቆሜ ሳለ፣ "ዝናብ ነው እንዴ የሚሰማው?" አለኝ። "አዎ" አልኩት። "ሁልጊዜ ዝናብ ነው" አለ። በዚያ ዓመት ሌላ ሴት አገባ። አልወቅሰውም፤ እኔም ብሆን ከዚያ ሣጥን ስወጣ ምን እንደምለው ጠፍቶኝ ነበር።

መምህሩ የመጣው በዚያ ጊዜ ነው። ዋጫ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት አማርኛ ያስተምራል፤ አገሩም እዚያው ነው። በማለዳው ሚኒባስ ተሳፍሮ መጥቶ፣ በር ላይ ጫማውን በሣር ሲጠርግ በመስኮት አየሁት። የተማሪ ደብተር ላይ በእጁ የተጻፈ የፊልም ድርሰት አቀረበልኝ።

"የእኛ አገር ታሪክ ነው" አለኝ። "አንድ ንብ አናቢ ነው። ቀፎውን የሚሰቅለው አባቱ ሲሰቅልበት በነበረ ትልቅ ዛፍ ላይ ነው። ቢያነቡልኝ ደስ ይለኛል።"

በአንድ ሌሊት ጨረስኩት። ታሪኩ ቀላል ነው። ዛፉ ያለበት ጫካ ከሩቅ ለመጣ ባለሀብት ይሰጣል። ወረቀቱ ላይ መፈረም ያለበት የቀበሌው ሊቀመንበር የንብ አናቢው የልጅነት ጓደኛ ነው። ከፈረመ በኋላ አናቢው ቤት ይመጣል፤ ከዚያው ዛፍ ከተቆረጠ ማር የተጣለ ጠጅ ይቀርብለታል፤ ይጠጣል፤ ይሰክራል። ከዚያም ጓደኛውን አንገቱን አቅፎ፣ "ወረቀቱን አላነበብኩትም። ለማንበብም ፈራሁ" ብሎ ያለቅሳል። ሁለት ገጽ ተኩል ትሆናለች። ይህን ሳነብ እጄ ላይ የነበረውን ቀይ እስክሪብቶ መቼ እንዳስቀመጥኩት አላስታውስም።

ጠዋት ቢሮ ስገባ ግን ሳስበው ያደርኩት ሌላ፣ የተናገርኩት ሌላ ሆነ።

"ድርሰቱ ጥሩ ነው" አልኩት። "የሊቀመንበሩ ነገር ብቻ መስተካከል አለበት። የአስተዳደር ሰው ሰክሮ ሲያለቅስ ማሳየት የአመራሩን ገጽታ ይነካል።"

"ሌላ ቦታ ላይ እኮ መጥፎ ሰው ነው የሚመስለው። ሰው የሚሆነው እዚያች ላይ ብቻ ነው" አለኝ።

እውነቱን ነበር። እውነቱን መሆኑን እያወቅሁ፣ "አሻሽለህ አምጣ" አልኩት።

አራት ጊዜ ተመላለሰ። አንዴ ጠጁን ቀነሰ፤ አንዴ ልቅሶውን አወጣ። በአራተኛው ላይ ሊቀመንበሩ ውሃ እየጠጣ ስለ ልማት ይናገራል። ማኅተም መታሁበትና፣ "እንኳን ደስ ያለህ" አልኩት። ተነስቶ ጎንበስ ብሎ እጅ ነሳኝና ድርሰቱን ጠረጴዛው ላይ ትቶ ወጣ።

"ረሳኸው!" ብዬ ተጣራሁ።

"አልረሳሁትም" አለ ከበሩ ላይ።

የመጀመሪያው ደብተር እኔ ዘንድ ቀርቶ ነበር። መሳቢያዬ ውስጥ አስቀመጥኩት። ስብሰባ ሲበዛብኝ፣ ዝናቡ ሰባት ቀን ስምንት ቀን ሳያባራ ሲቀር አውጥቼ ያችን ሁለት ገጽ ተኩል አነባለሁ። በዚያው ዓመት ያለ ፈቃድ የሚቀርጹ ሰዎች በዙ ተብሎ መመሪያ እንዳረቅ ታዘዝኩ፤ አረቀቅሁ። "ማንኛውም ፊልም ድርሰቱ በየገጹ ታይቶ ማኅተም ሳያርፍበት አይቀረጽም፤ ከጸደቀው ውጪ የተቀረጸ ተገኝቶ እንደሆነ ይያዛል" የሚለው ዐረፍተ ነገር የእኔ ነው። ቃላቱ ጥሩ ገጥመው ነበር። ኃላፊው አንብበው፣ "እንዲህ ነው ሥራ!" አሉኝ።

የዚያን ክረምት ግምገማ ላይ፣ "ተነሳሽነት ጎድሏታል፤ ፊቷ ሁልጊዜ የተከፋ ነው" ተብዬ ተገመገምኩ። ግለ ሂስ አቅርቢ ተባልኩ። ተነስቼ፣ "ልክ ናችሁ፤ ተከፍቻለሁ" ብዬ ተቀመጥኩ። ማታ ለቤቴ አከራይ ነገርኳት። እትዬ እላታለሁ፤ ባሏ የሞተባት የማር ነጋዴ ናት፤ ከአዲስ አበባ በሲዲ የሚመጣ የአማርኛ ፊልም ሁሉ ሳያመልጣት ታያለች። "ታዲያ ለምን አትለቂም?" አለችኝ።

"ለቅቄ ምን እሠራለሁ?"

"ፊልም ነዋ! ይሄ ሁሉ ፊልም አዲስ አበባ ፎቅ ቤት ውስጥ ሲያለቅሱ ነው። የእኛ አገር ሰው ምን ጎድሎት ነው ፊልም ላይ የማይወጣው? እኔ ማሬን እሸጥልሻለሁ፤ አንቺ ሥሪ።"

ቀልዷን መስሎኝ ነበር። ጠዋት ቁርስ ላይ ደገመችው። በሳምንቱ መልቀቂያ አስገባሁ። ክሊራንስ ለመጨረስ ከአንዱ ቢሮ አንዱ ቢሮ ስዞር ወራት ፈጀብኝ፤ ካሴቶቹን አንድ በአንድ ቆጥሬ አስረከብኩ። ጋሼ ጡረታቸው ደርሶ ስለነበር፣ "ከአንቺ ጋር ነኝ" አሉኝ። ከዚያ ደብተሩን ይዤ ዋጫ ሄድኩ።

መምህሩ ፈተና እያረመ አገኘሁት። ደብተሩን ሲያይ ቀይ እስክሪብቶው ከእጁ ወደቀ።

"ልሠራው ነው" አልኩት። "የመጀመሪያውን፣ ያንተን።"

"ያለ ምንም ለውጥ?"

"ያለ ምንም ለውጥ።"

እስክሪብቶውን ከወለሉ አነሳና፣ "እህቴ፣ በእውነት ነው የምትይኝ?" አለኝ። እስከዚያች ቀን "እርስዎ" ነበር የሚለኝ። ከዚያች ቀን ጀምሮ አንቺ ሆንኩ። በቤት ውስጥ ያሉት ንግግሮች በአገሩ ቋንቋ በካፊኖኖ እንዲሆኑ ወሰንን፤ እኔም በየሳምንቱ ዋጫ ትምህርት ቤቱ ድረስ እየሄድኩ ቋንቋውን ከእርሱ እማር ጀመር። በቦንጋ ዘጠኝ ዓመት ስቀመጥ ከሰላምታ አልፌ አላውቅም ነበር።

ንብ አናቢውን የሚሠራልን ራሱ ገበሬ የሆነ ሰው አገኘን። ሚስቱን የምትሠራው ከሌላ ክልል ተመድባ የመጣች ነርስ ናት፤ ካፊኖኖውን በቃሏ አጠናች። ለሊቀመንበሩ ጡረታ የወጡ የፍርድ ቤት ጸሐፊ መረጥን። ልምምድ ላይ ያችን ትዕይንት ሲሠሩ ነርሷ እውነተኛ እንባ አነባች።

የቀረን ፈቃዱ ነው። በእኔ ቦታ የተተካው ወጣት ቀድሞ ረዳቴ የነበረ፣ ሥራውን ከእኔ የተማረ ልጅ ነው። ስገባ ከመቀመጫው ብድግ አለ። "እዚህ ይቀመጡ" ብሎ የራሱን ወንበር ሊሰጠኝ ቃጣ፤ "ግድ የለም" ብዬ ባለጉዳይ የሚቀመጥበት አግዳሚ ላይ ተቀመጥኩ። እዚያ ስቀመጥ ለመጀመሪያ ጊዜ ነበር። አግዳሚው ዝቅ ያለ ነው፤ ከእርሱ ላይ ሆነው ጠረጴዛው ላይ ያለውን ወረቀት ማየት አይቻልም።

መመሪያውን አወጣ። ሲያወጣው አፍሮ ነበር። "እርስዎ ያውቁታል እንግዲህ" አለኝ። "በየገጹ ማየት አለብኝ።"

ሦስት ሳምንት አመላለሰኝ። አንድም ቀን አላመናጨቀኝም፤ ያ ነው የከፋው። "ነገ ይመለሱ"፣ "ኃላፊው መስክ ናቸው"፣ "ኮሚቴው አልተሰበሰበም" ሲለኝ ድምፁ የራሴ ድምፅ ነበር፤ ቃላቱን ሁሉ ከእኔ ነው የወሰዳቸው። ነርሷ ዓመት ፈቃዷን ወስዳ ቁጭ ብላለች፤ የተከራየናቸው መኪናና ካሜራ ቆመዋል፤ የበጋዋ ወራት እያለቀች ነው። እትዬ በገባሁ በወጣሁ ቁጥር ምንም ሳትጠይቀኝ ፊቴን ታያለች።

በመጨረሻው ዓርብ ልጁ በሩን ዘጋና ድምፁን ዝቅ አደረገ። "ሌላው ሁሉ ያልፋል። የሊቀመንበሩ ስካር ብቻ ይውጣ። ያችን ካወጧት አሁኑኑ እፈርማለሁ። ካልሆነ ወደ ክልል እልከዋለሁ፤ ክልል ከሄደ መቼ እንደሚመለስ እርስዎም ያውቁታል።"

"ደራሲውን ላማክር" አልኩት።

ወጥቼ ደወልኩ። ኔትወርክ የለም። ግማሽ ሰዓት ዝናብ ውስጥ ቆሜ ደወልኩ። ለምሳ ሊዘጉ ሲሉ ተመለስኩ። ልጁ እስክሪብቶ አቀበለኝ። ሁለት ገጽ ተኩሉ ላይ ከጥግ እስከ ጥግ ሰረዝ አሳለፍኩበትና ጎኑ ላይ ፈረምኩ። ማኅተሙ ሲያርፍ ጠረጴዛው ተንቀጠቀጠ።

ማታ ኔትወርክ ሲመጣ ለመምህሩ፣ "ተፈቀደ!" አልኩት። እልል ሲል ሚስቱም ከኋላው ስትስቅ ተሰማኝ። እዚያው ላይ ልነግረው አፌን ከፈትኩ። "ነገ ቦንጋ ና" ብዬ ዘጋሁት። እርሱን ፊት ለፊት ሳገኘው እነግረዋለሁ አልኩ ለራሴ፤ ሳገኘው ደግሞ ቀረጻው ይጀመርና እነግረዋለሁ አልኩ። የቦንጋውን ክፍል በአሥር ቀን ጨረስን። ቀረጻው ሲቃና ደግሞ የመምህሩ ደስታ ራሱ ልነግረው አስፈራኝ።

ትልቁን ዛፍ ያገኘነው ደካ ከምትባል ትንሽ ከተማ ወጣ ብሎ ነበር። ደካ በገባን በሁለተኛው ቀን፣ ገና የዛፉን ትዕይንት እንደጨረስን፣ ዝናቡ ጊዜውን ሳይጠብቅ ወረደ። ሌሊቱን ሲዘንብ አድሮ ጠዋት አንድ ነጋዴ፣ መንገዱ ተንዶ የእንጨቱን ድልድይ ጎርፍ እንደወሰደው ነገረን። ስልክ የለም፤ መብራት የለም። ዘጠኝ ሰዎች በአንድ ሆቴል ስድስት ቀን ተዘጋብን። ጠዋት ጭጋጉ ከበረንዳው ጫፍ ይጀምራል። ልብስ አይደርቅም። ከጥቂት እርምጃ በኋላ ጭቃው ጫማ ይነጥቃል። ጋሼ ካሜራውን በብርድ ልብስ ጠቅልለው አልጋቸው ላይ አቅፈውት ይተኛሉ።

ሥራ ስላልነበረ የፍርድ ቤቱ ጸሐፊ ትዕይንታቸውን በረንዳው ላይ መለማመድ ጀመሩ። የሆቴሉ ሰው ሁሉ ይሰበሰባል። ሲንገዳገዱ ይስቃል፤ "ለማንበብም ፈራሁ" ሲሉ ሳቁ ይቆማል።

"የእኔ ትዕይንት መቼ ነው የሚቀረጸው?" አሉኝ በሁለተኛው ቀን።

"ዝናቡ ሲያባራ" አልኳቸው። ትዕይንቱ ቤት ውስጥ ነው፤ ዝናብ አያግደውም። ትክ ብለው አዩኝ።

ጋሼ ማኅተም ያረፈበትን ድርሰት አይተው ስለነበር ያውቃሉ። ማታ ጎኔ ተቀምጠው፣ "ልጄ፣ ንገሪው" አሉኝ።

"ነገ እነግረዋለሁ።"

"መንገድ በተዘጋበት አገር ነገር ተደብቆ አይቆይም" አሉና ሊተኙ ሄዱ።

በነጋታው እኩለ ቀን ላይ መምህሩ አንድ ንግግር ሊያስተካክል ፈልጎ ድርሰቱን ከቦርሳዬ እንድታወጣለት ነርሷን ጠየቃት። እርሷም ለሥራ ነው ብላ፣ ምንም ሳትጠረጥር አውጥታ ሰጠችው። እኔ በረንዳው ላይ ነበርኩ። ከኋላዬ መጥቶ ቆመ። ገጹን ከፍቶ ይዞታል፤ ጣቱ ፊርማዬ ላይ ነው።

"ይህ የእርስዎ ፊርማ ነው?" አለኝ።

እርስዎ ሲለኝ ሁሉን ነገር አወቅሁ።

"ደውዬልህ ነበር። ኔትወርክ አልነበረም። ያን ቀን ባልፈርም..."

"ሁለት ሳምንት አብረን ነው የበላነው" አለኝ። "አንድ ቀን አፍዎ አልተከፈተም?"

"ፈራሁ" አልኩት።

"እርሱም ፈራሁ ነው የሚለው" አለ በጣቱ ገጹን እየመታ። "እርሱ ግን መጥቶ ለጓደኛው ነገረው። እርስዎ ከቢሮ ወጥተው መስሎኝ ነበር። ወንበር ነው ለካ የለወጡት።"

አልጮኸም። ቢጮህ ይሻለኝ ነበር። ድርሰቱን በረንዳው ጠረጴዛ ላይ አስቀምጦ በዝናቡ ውስጥ ወደ መንገዱ ሄደ። ከሩብ ሰዓት በኋላ እስከ ጉልበቱ በጭቃ ተለውሶ ተመለሰ፤ የሚሄድበት አልነበረም። ለምሳ ከእኔ ፊት ለፊት ተቀመጠ፤ ሌላ ጠረጴዛ የለም። ቆጮውን ወደ እኔ እየገፋ፣ "ይብሉ" አለኝ።

ማታ ሁላችንም ሻማ ዙሪያ ተቀምጠን ሳለ ጋሼ፣ "ካሜራው እኔ እጅ ነው ያለው" አሉ። "ባትሪ አለ። ሰውየው ቃላቸውን ያውቃሉ። ዛሬ እዚሁ እንቅረጻት። መንገድ ተዘግቷል፤ ማን መጥቶ ያየናል?"

ነርሷ ብድግ አለች። ጸሐፊው ኮታቸውን ሊያመጡ ሄዱ። መምህሩ ቀና ብሎ አየኝ። ከቀኑ ጀምሮ ያየኝ ያን ጊዜ ነው። በዓይኑ አሁንም አንድ ነገር ይጠብቅ ነበር።

ለፊልሙ የተሸጠው የእትዬ ማር ትዝ አለኝ። "ከጸደቀው ውጪ የተቀረጸ ተገኝቶ እንደሆነ ይያዛል" የሚለውን በራሴ እጅ ጽፌያለሁ፤ ፊልሙ ሲያልቅ ለዚያው ልጅ እንደሚቀርብ፣ እርሱም በየገጹ እንደሚያመሳክር አውቃለሁ። ቢያንስ ቀርጸን ማስቀመጥ እንችል ነበር። ለማስቀመጥ እንኳ ፈቃድ አያስፈልግም። ይህን ሁሉ እያሰብኩ አፌ ቀድሞኝ፣ "አይሆንም" አለ።

ጸሐፊው ኮታቸውን ለብሰው በሩ ላይ ደርሰው ነበር። ከለበሱት በኋላ መልሰው ሲያወልቁት ማየት እስከ ዛሬ ያመኛል። በዚያች ምሽት የከለከለኝ ሰው አልነበረም። ከእኔና ከዝናቡ በቀር ደካ ውስጥ አለቃ አልነበረብኝም።

በስድስተኛው ቀን ሰዎች ግንድ አጋድመው ወንዙን አሻገሩን። መምህሩ የቀሩትን ትዕይንቶች አንድም ሳያጎድል ሠራ፤ ካፊኖኖውን ለተዋንያኑ አስተካከለ፤ እኔን በትሕትና "እርስዎ" እያለ። የመጨረሻው ቀን ሲያልቅ፣ "አንድ ነገር ልለምንዎት። ስሜን አይጻፉት" አለኝ።

"ያንተ ሥራ እኮ ነው።"

"የእኔ ቢሆን ሊቀመንበሩ ያለቅስ ነበር።"

አልጻፍኩትም። ፊልሙ ተቀናብሮ ሲመጣ ቦንጋ አዳራሽ ውስጥ ታየ። ሰው መቀመጫ አጥቶ ቆሟል። ገበያው፣ ጫካው፣ የገዛ ቋንቋቸው ከሸራው ላይ ሲሰማ አሮጊቶች አፋቸውን ይዘው ሲስቁ ሰማሁ። ገበሬው ዛፉ ላይ ሲወጣ አዳራሹ ትንፋሹን ዋጠ። የቀድሞው ረዳቴ የፊተኛው ረድፍ ላይ ሆኖ ከሁሉ በላይ አጨበጨበ። እትዬ ከእኔ ጎን ሆና እያለቀሰች፣ "አየሽ? አላልኩሽም?" ትለኛለች። ከኋላዬ የተቀመጠ ሰውዬ ግን ጎረቤቱን፣ "ያ ሊቀመንበር ፈርሞ የት ጠፋ?" ሲል ሰማሁት። ጎረቤቱ፣ "እንዲህ ናቸው፤ ይፈርሙና ይጠፋሉ" አለው። ሁለቱም ሳቁ።

ከዚያ በኋላ ስሜ ፕሮዲውሰሯ ሆነ። የባጃጅ ሾፌሮች፣ "ፕሮዲውሰር፣ እኔን የምትቀርጪኝ መቼ ነው?" ይሉኛል። ሌላ ሁለት ፊልም ሠራሁ፤ በመሀሉ ሠርግ እቀርጻለሁ። ሁለቱም ፊልሞች በአንድ ጉዞ ነው ፈቃድ ያገኙት። ምን እንደማያልፍ ስለማውቅ ከመጀመሪያው አላስጽፈውም። እናቴ በስልክ፣ "አሁንስ ማን ያዘሽ? ነይ እንጂ" ትለኛለች። እውነት ነው፣ የያዘኝ ወረቀት የለም። መናኸሪያ ድረስ ሄጄ የጅማን መኪና ቆሜ አይቼ የተመለስኩባቸው ቀኖች አሉ። አዲስ አበባ ሄጄ ከማን ጋር ምን እንደምሠራ አስባለሁ፤ እዚያም ያቺው ቀይ እስክሪብቶ ከእኔ ጋር እንደምትሳፈር ይታየኛል።

ከጥቂት ዓመት በኋላ ደብተሩን ልመልስለት ወስኜ ዋጫ ወረድኩ። ለካስ ርዕሰ መምህር ሆኗል። ግቢው በር ላይ ተቀበለኝ። ደብተሩን ስሰጠው ገለጥ አድርጎ የልጅነት ፎቶውን እንደሚያይ ሰው ፈገግ አለና በብብቱ ያዘው።

"ምሳ ደርሷል፤ ይግቡ" አለኝ።

እጄን አስታጠበኝ። በልተን ስንጨርስ ስለ መንገዱ፣ ስለ ቡናው ዋጋ፣ ስለ ተማሪዎቹ ብዛት አወራን። ስለ ፊልሙ አንድ ቃል አልወጣውም፤ እኔም አላነሳሁም። ይቅርታ ልጠይቀው ነበር የሄድኩት። ቃሉን ከቦንጋ እስከ ዋጫ መኪና ውስጥ ስለማመደው መጥቼ፣ እፊቱ ስሆን ወጥ ስለጣፈጠኝ አመሰገንኩ።

ሚስቱ ሳህኖቹን ልታነሳ መጣች። ፊት ለፊት ተያይተን አናውቅም፤ ድምፄን በስልክ ሰምታ እንደሆነ እንጂ መልኬን አታውቅም። ጎንበስ ብላ ሳህን እያነሳች በካፊኖኖ፣ "ይህች ሴት ማን ናት?" አለችው።

ቋንቋውን ያስተማረኝ እርሱ ነው፤ እንደምሰማ ያውቃል። ለአፍታ ወደ እኔ አየ።

"እንግዳ ናት" አላት።

ሴትዮዋ ፈገግ ብላልኝ ለመንገድ የምይዘው ማር ልታመጣ ወደ ጓዳ ገባች።